እኩለ ሌሊት ላይ የሚመጡት ቀልደኞች



ስለ ኢንዶኔዥያ እንድናገር ስጋበዝ መጀመሪያ የተሰጠኝ ርዕስ «ከጥንታዊው ባህል እስከ ዘመናዊው ሲኒማ» የሚል ነበር። አዘጋጆቹን አመሰግናለሁ፤ በርዕሱ ላይ ግን ትንሽ ተከራክረናል። «ከዚህ እስከዚያ» ሲባል አንድ ሰው ከአሮጌ መንደር ተነስቶ አዲስ ከተማ የገባ፣ የመጣበትንም መንገድ የረሳ ይመስላል። ኢንዶኔዥያ ውስጥ አሮጌውና አዲሱ አንድ ግቢ ውስጥ ይኖራሉ፤ ይበዳደራሉ፣ ይሰራረቃሉ፣ ሲብስም ይሰዳደባሉ። ዛሬ ማታ የምለው ነገር ቢጨመቅ ይህ ነው፤ በዚያ አገር ጥንታዊው ጥበብ እስከ ዛሬ በሕይወት የቆየው ከመከበሩ ይልቅ ስለተቀለደበት፣ ስለተነገደበት፣ አንዳንዴም ስለተባለገበት ነው። የምጠራቸው ዓመታት በሙሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው፤ ሰዓቱን ግን በእኛው እቆጥራለሁ።

ኢንዶኔዥያ ከ17 ሺህ በላይ ደሴቶች፣ ከ700 የማያንሱ ቋንቋዎችና ከ270 ሚሊዮን በላይ ሕዝብ ያላት አገር ናት። ሁሉን በአንድ ምሽት ልዳስስ ብል ምንም ሳልነግራችሁ መሽቶ ይነጋል። ከሕዝቡ ከግማሽ በላይ የሚሆነው ጃቫ በምትባለው በአንዲቱ ደሴት ስለሚኖር እኔም አብዛኛውን ጊዜዬን እዚያው አሳልፋለሁ፤ ሱማትራና ሱምባ ለአፍታ ብቅ እንላለን።

በማዕከላዊ ጃቫ አንድ አባት ልጁን ሲድር ወይም ሲያስገርዝ፣ መንደሩም አዝመራውን ሲሰበስብ፣ አቅም ከተገኘ ዋያንግ ኩሊት የሚባለው የጥላ ቲያትር ይጠራል። ከምሽቱ 3 ሰዓት ግድም ዳላንግ የሚባለው ባለሙያ ከተወጠረ ነጭ ሸራ ፊት እግሩን አጣጥፎ ይቀመጣል፤ ጎህ እስኪቀድ አይነሳም። ከራሱ በላይ መብራት ተንጠልጥሏል፤ ድሮ የዘይት ኩራዝ ነበር፣ ዛሬ አምፖል ነው። ከፊቱ የሙዝ ግንድ ተጋድሟል። ከጎሽ ቆዳ ተፈልፍለው በቀለም ያጌጡት አሻንጉሊቶች በሹል እጀታቸው ግንዱ ላይ ይተከላሉ፤ ደጋጎቹ በቀኙ፣ ክፉዎቹ በግራው። ንጉሡን፣ ልዕልቲቱን፣ ጭራቁንም የሚናገርላቸው እሱ ብቻ ነው። ሁለቱም እጆቹ ሥራ ስለሚበዛባቸው በእግር ጣቶቹ መካከል በያዛት እንጨት የአሻንጉሊት ሳጥኑን እየመታ ለሙዚቀኞቹ ምልክት ይሰጣል። ሰዓቱን፣ ታሪኩን፣ ሙዚቃውንና የታዳሚውን እንቅልፍ የሚያስተዳድረው አንድ ሰው ነው ማለት ነው። የፊልም ዳይሬክተር ለመሆን የምታስቡ ተማሪዎች ይህን ልብ በሉልኝ።

በወጉ ከሸራው ማዶ ተቀምጦ ጥላውን ማየት ይቻላል። ዛሬ ግን አብዛኛው ሰው የሚሻማው ከዳላንጉ በስተጀርባ ላለው ቦታ ነው፤ ቀለማቱን፣ የእጁን ቅልጥፍና፣ በረድፍ የተቀመጡትን ሴት ዘፋኞች ማየት ይፈልጋል። ጥላው ለፎቶ አንሺና ለጎብኚ የቀረ ይመስለኛል።

ሙዚቀኞቹ የሚጫወቱት ጋሜላን ነው። ብዙው መሣሪያ በመዶሻ የሚመታ ነሐስ ነው፤ ጎንግ፣ ድስት የመሰሉ ቃጭሎች፣ የተደረደሩ የብረት ጠፍጣፎች። እያንዳንዱ ስብስብ ለራሱ ብቻ ተቃኝቶ ስለሚሠራ ከአንዱ ጋሜላን አንድ መሣሪያ አንስታችሁ ወደ ሌላው ብታስገቡት አይስማማም። የተከበሩት ስብስቦች እንደ ሰው ስም አላቸው። ስሌንድሮ የሚባለው ቅኝታቸው ባለ አምስት ድምፅ ስለሆነ የእኛ ጆሮ ቶሎ የሚላመደው ይመስለኛል፤ በድምፆቹ መካከል ያለው ርቀት ግን ከትዝታም ከባቲም አይገጥምም፣ ፒያኖ ላይም አይገኝም። ፈረንሳዊው የሙዚቃ ደራሲ ደቡሲ በ1889 የፓሪስ ዓለም አቀፍ ኤግዚቢሽን ላይ ሰምቶት ተደንቋል። በ1977 ቮዬጀር የተባሉት መንኮራኩሮች ወደ ጠፈር ሲላኩ ከዮግያካርታ ቤተ መንግሥት የተቀዳ አንድ የጋሜላን ዜማ በያዙት ወርቃማ የሙዚቃ ሸክላ ላይ አብሮ ሄዷል። ዩኔስኮ ጋሜላንን በቅርስነት የመዘገበው ግን በ2021 ነው፤ ከመንኮራኩሮቹ 44 ዓመት ዘግይቶ።

የሚተረከው ታሪክ በአብዛኛው ከሕንድ የመጣው ማሃባራታና ራማያና ነው። ዋያንግን የሚጠቅስ የተቀረጸ ጽሑፍ በ907 ዓ.ም. ጃቫ ላይ ነበረ፤ ያኔ ደሴቲቱ ገና እስልምናን አላወቀችም። ዛሬ የጃቫ ሕዝብ እጅግ ብዙው ሙስሊም ነው፤ የሂንዱ ነገሥታት ታሪክ ሲተረክለት ግን እስከ ንጋት ይቀመጣል። አፈ ታሪኩ እንደሚለው እስልምናን በጃቫ ካስፋፉት ዘጠኙ ወልዮች አንዱ፣ ሱናን ካሊጃጋ፣ ራሱ ዳላንግ ነበር፤ ለመግቢያ የሚያስከፍለውም ሸሃዳን ነበር ይባላል። አፈ ታሪኩን ተዉት ብትሉ እንኳ በዮግያካርታና በሶሎ ከተሞች በየዓመቱ ለነቢዩ መውሊድ የቤተ መንግሥት ጋሜላን ወጥቶ በታላቁ መስጊድ ግቢ ውስጥ ይመታል፤ ይህን ማንም ሄዶ ማየት ይችላል።

አሁን ወደ ዋናው ጉዳዬ። ከሌሊቱ 6 ሰዓት አልፎ ሕፃናቱ በእናቶቻቸው ጭን ላይ ሲተኙ፣ ዳላንጉ ጎሮ-ጎሮ ወደሚባለው ክፍል ይሻገራል። በትረካው ምድር ትንቀጠቀጣለች፣ ባሕር ይናወጣል፣ እሳተ ገሞራ ይፈነዳል። ከዚህ ሁሉ መዓት በኋላ አንድ ታላቅ ጀግና ይወጣል ብላችሁ ስትጠብቁ፣ አራት አሽከሮች እየዘፈኑ ይገባሉ። አባትየው ሴማር ቦርጫም ነው፤ ወንድ ይሁን ሴት፣ ሽማግሌ ይሁን ሕፃን መልኩ አይለይም። ልጆቹ እግሩን የሚያነክሰው ጋሬንግ፣ አፍንጫው የረዘመው ፔትሩክና ምላሱ የማያርፈው ባጎንግ ናቸው።

እነዚህ አራቱ በሕንዱ ማሃባራታ ውስጥ የሉም። ጃቫውያን ነገሥታቱንና ጦርነቱን ከሕንድ ተቀበሉ፤ አሽከሮቹን ከራሳቸው ጨመሩ። ሴማር ደግሞ ተራ አሽከር አይደለም፤ ወደ ምድር የወረደ አምላክ ነው። የጃቫ ቋንቋ ከእኛ አንተና አንቱ እጅግ በረቀቀ ሁኔታ በማዕረግ የተከፋፈለ ነው፤ ታናሽ ታላቁን ሲያናግር ከሰላምታው እስከ ግሱ ቃሉ ሁሉ ይለወጣል። ሴማር ግን አማልክቱን ሳይቀር በዝቅተኛው ንግግር ነው የሚያናግራቸው። ማንም አይቆጣውም።

ቀልደኞቹ ስለ ጥንት ዘመን አያወሩም። ስለ ነዳጅ ዋጋ ያወራሉ፤ ስለ ምርጫ፣ ስለ ሞባይል፣ ስለ ደጋሹ ስስት ያወራሉ። ታዳሚው ዘፈን ያዛል፣ ዘፋኟ ትመልሳለች፣ አንዳንዴ የቴሌቪዥን ኮሜዲያን ሳይቀር መድረኩ ላይ ይወጣል። ከዚያ በኋላ ነው ጀግናው ተመልሶ ታሪኩ ካቆመበት የሚቀጥለው። አጥባቂዎቹ ይህ ክፍል ቀስ በቀስ እየረዘመ ዋያንጉን ዋጠው ብለው ያማርራሉ። መርዘሙስ እውነት ነው። ነገር ግን አንድ ሺህ ዓመት ያለፈው ታሪክ ትናንት ከገበያ ከመጣ ሰው ጋር የሚገናኝበት ሌላ ሰዓት የለውም፤ ይህ ሰዓት ቢዘጋ ቀሪው ሌሊት ለተመራማሪዎች ይቀራል።

ታላላቆቹ ዳላንጎችም ይህን ያውቁ ነበር። በ1985 የሞተው ናርቶሳብዶ ከወግ የወጡ አዳዲስ ዘፈኖችና ቀልዶችን በማስገባቱ በዘመኑ ተወቅሷል፤ ዛሬ የወግ ምሳሌ ሆኖ ይጠቀሳል። ማንተብ ሱዳርሶኖ በአሻንጉሊት ጦርነት ፍጥነቱ «ሰይጣኑ ዳላንግ» እስከ መባል የደረሰ ሰው ነበር፤ በ2004 ከ24 ሰዓት በላይ ሳያቋርጥ ተርኳል። የአገሩ ሰው በሙሉ ፊቱን ያወቀው ግን በራስ ምታት ክኒን የቴሌቪዥን ማስታወቂያ ነው። በእኛ አገር ቢሆን «ጥበቡን አዋረደ» ይባል ነበር፤ እዚያም ያሉት አልጠፉም። እኔ እንደማስበው ክኒኑ ለዋያንግ ብዙ ወጣት ተመልካች አምጥቶለታል። ከዮግያካርታ የተነሳው ሴኖ ኑግሮሆ ደግሞ ሙሉውን ሌሊት በዩቲዩብ በቀጥታ እያስተላለፈ፣ ባጎንግን በወጣቶች ዘንድ እንደ ፖፕ ኮከብ ያስወደደ ነበር። በኮሮና ጊዜ ድግስ ሁሉ ሲከለከል ከቤቱ ሆኖ መተረኩን ቀጠለ። በ2020 ኅዳር ወር መግቢያ ላይ በ48 ዓመቱ አረፈ።

የቀልደኛውን ኃይል ከምሁራን ቀድመው የተረዱት ገዢዎች ናቸው። በምሥራቅ ጃቫ ሉድሩክ የሚባል የሕዝብ ቲያትር አለ፤ ወንዶች የሴት ገጸ ባሕርይ የሚጫወቱበት፣ በግጥም ተረብ የሚከፈት። ጃፓን አገሪቱን በያዘችበት ጊዜ የሱራባያው የሉድሩክ ተዋናይ ዱራሲም በአጭር ስንኝ ወራሪውን ነካ፤ ታሰረ፣ ተሰቃየ፣ በ1944 ሞተ። ዛሬ በሱራባያ ያለ የቲያትር አዳራሽ በስሙ ይጠራል።

ጄኔራል ሱሃርቶ የመረጠው ሌላ መንገድ ነበር። በመጋቢት 11 ቀን 1966 ፕሬዚዳንት ሱካርኖ ሥልጣን የሚሰጠውን የትእዛዝ ደብዳቤ እንዲፈርሙለት ተደረገ፤ የደብዳቤው ስም በምህጻር «ሱፐርሴማር» ተባለ። ከአማልክት የወረደው አሽከር፣ ከሕዝቡ ጋር ቆሞ ነገሥታትን የሚገሥጸው ሴማር፣ ለ32 ዓመት አገዛዝ የልደት ወረቀት ስሙን አዋሰ። ከዚያ በኋላ ዳላንጎች በጎሮ-ጎሮው ሰዓት የቤተሰብ ምጣኔና የአምስት ዓመት ዕቅድ እንዲሰብኩ ይጠየቁ ጀመር። ጎበዙ ዳላንግ የተባለውን ይሰብካል፤ ባጎንግ ግን አጠገቡ ቆሞ ያዛጋል። በሕግ የሚያስጠይቅ ማዛጋት የለም።

ዋያንግ ከሸራው ወደ ወረቀትም ወርዷል። ኮሳሲህ የተባለ ሠዓሊ በ1950ዎቹ ባንዱንግ ውስጥ ማሃባራታን በሥዕላዊ መጽሐፍ አሳትሞ አንድ ትውልድ አሳደገበት። የሚበርረው ጀግና ጋቶትካቻ ደግሞ ከቆዳ ወደ ብረት ተሸጋግሯል፤ ኢንጂነር ሀቢቢ ይመሩት የነበረው የአገሪቱ የአውሮፕላን ፋብሪካ በ1995 ለመጀመሪያ ጊዜ ያስነሳው ኤን-250 አውሮፕላን ስሙ ጋቶትካቻ ነበር። በ2022 ይኸው ጀግና በሲኒማ ልብሱን ለብሶ መጣ።

ሲኒማ ካልኩ ዘንዳ ወደዚያው ልሻገር። በዚያ ምድር የመጀመሪያው ረጅም ፊልም የተሠራው በ1926 ባንዱንግ ላይ ነው፤ ሠሪዎቹ አውሮጳውያን፣ ታሪኩ የሱንዳ ሕዝብ ተረት። ኢንዶኔዥያውያን የራሳችን ሲኒማ ልደት የሚሉት ግን መጋቢት 30 ቀን 1950 ነው፤ ኡስማር ኢስማኢል የተባለው ዳይሬክተር ስለ ነፃነት ጦርነቱ የሠራውን ፊልም መቅረጽ የጀመረበት ቀን። በዓሉ እስከ ዛሬ ይከበራል። እኔ ግን ከኡስማር ሥራዎች አብልጬ የምወደው «ሌዋት ጃም ማላም»ን ነው፤ ከሰዓት እላፊ በኋላ እንደ ማለት ነው። የ1954 ሥራ ነው። ኢስካንዳር የተባለ ተዋጊ ጦርነቱ አልቆ ወደ ባንዱንግ ይመለሳል። ሥራ ይፈልጋል፣ አይሆንለትም፤ በእጮኛው ቤት ግብዣ ላይ መቆም ያቅተዋል። በጦርነቱ ጊዜ በአዛዡ ትእዛዝ የገደላቸው ሰዎች ንፁሐን እንደነበሩ፣ አዛዡም በዘረፈው ሀብት ዛሬ ባለጠጋ ነጋዴ መሆኑን ይደርስበታል። መጨረሻውን አልነግራችሁም። ነፃነት ከታወጀ ገና ዘጠኝ ዓመቱ ነበር፤ ብዙ አገሮች በዚያ ዕድሜያቸው የሚሠሩት የጀግና ሐውልት ነው፣ ይህ ሰው ግን ክሱን በፊልም ጻፈ።

በዓመቱ፣ በሚያዝያ 1955፣ የእስያና የአፍሪካ መንግሥታት ጉባኤ በዚያችው ባንዱንግ ተካሄደ። ከ29ኙ ተሳታፊ አገሮች አንዷ ኢትዮጵያ ነበረች። የእኛ ልዑካን የተመላለሱባቸው ጎዳናዎች ኢስካንዳር የተንከራተተባቸው ናቸው፤ በመኪናው መስኮት ያዩት ግን ያጌጠውን ይመስለኛል። የ«ሌዋት ጃም ማላም» ጥቅል በጃካርታው የፊልም ማኅደር ውስጥ እየተበላሸ ነበር፤ በ2012 ታድሶ በካን የፊልም ፌስቲቫል ላይ ታየ።

የሱሃርቶ ዘመን ሲኒማ ብዙ የምናቆይበት አይደለም፤ አንዱን ግን ማለፍ አይቻልም። በ1984 የተሠራ፣ ከአራት ሰዓት በላይ የሚረዝም፣ የ1965ቱን የጄኔራሎች ግድያ መንግሥት በፈለገው መንገድ የሚተርክ ፊልም ነበር። በየዓመቱ መስከረም 30 በቴሌቪዥን ይታይ ነበር፤ ተማሪ ሁሉ ያየው ነበር። ከግድያው በኋላ በኮሚኒስትነት ተጠርጥረው ስለታረዱት በመቶ ሺዎች የሚቆጠሩ ሰዎች ግን ፊልሙ ትንፍሽ አይልም። ስርጭቱ የቆመው በ1998 ሱሃርቶ ሲወርድ ነው።

ሲኒማውም ያኔ ሞቶ ነበር። የግል ቴሌቪዥን ተመልካቹን፣ የሆሊውድ ፊልም አዳራሹን ወስዶበት በዓመት የሚሠራው ፊልም በጣት የሚቆጠር ሆነ። በ2002 የወጣው «አዳ አፓ ዴንጋን ቺንታ» ነው ወጣቱን ወደ አዳራሽ የመለሰው፤ አንዲት ተማሪና አንድ ዝምተኛ ልጅ በገጣሚው ቻይሪል አንዋር ሰበብ ይዋደዳሉ። ከፊልሙ በኋላ ልጆች የግጥም መጽሐፍ ይፈልጉ ጀመር። የፊልም ሰሪ ሁሉ ሕልም ይህ መሰለኝ።

ከቡና አገር ለመጣን ደግሞ አንድ ፊልም በጎን ልጠቁም፤ የ2015ቱ «ፊሎሶፊ ኮፒ»። በዓለም ምርጡን ቡና አፈላሁ ብሎ የሚኮራ የከተማ ባለሙያ፣ የአንድ ገበሬ ቡና እንደሚበልጠው ይነገረውና መንገድ ይጀምራል። የዚያ የገበሬው ተክል ዘር ከእኛ ጫካ ወደ የመን፣ ከየመን ወደ ሕንድ፣ ከሕንድ በሆላንዶች እጅ ወደ ጃቫ የሄደ ነው። በዚህም ታሪክ የሚያሸንፈው ማን እንደሆነ አስተውሉ፤ ያው ሴማር ነው፣ ጭቃ ያልለቀቀው ባለ ማሳው።

አሁን ግን ሕዝቡ በእርግጥ ወደሚያየው እንምጣ፤ ወደ መናፍስቱ። የኢንዶኔዥያ ሲኒማ እንጀራው የሚያስፈራ ፊልም ነው። በ1970ዎቹና በ80ዎቹ ሱዛና የምትባል ተዋናይት ነበረች፤ በነጭ ቀሚስ፣ በተፈታ ረጅም ፀጉር፣ ተደፍራ የሞተች ሴት ሆና ከመቃብር ትነሳለች፣ በዳዮቿን አንድ በአንድ ትለቅማለች። በመሀሉም ከመንገድ ዳር ሻጭ ዘንድ ሄዳ ምግብ ታዛለች። ፍርሃቱ መሀል ሳቅ አለ፤ ጎሮ-ጎሮው አልጠፋም። ፍጻሜውን የሚዘጋው ግን ብዙ ጊዜ የሃይማኖት አባት ነበር፤ ይመጣል፣ ያነብባል፣ መንፈሱ ይሸነፋል፣ ሥርዓት ይመለሳል። በ1980 የወጣው «ፔንጋብዲ ሴታን»ም በዚሁ ይጠናቀቃል። ጆኮ አንዋር የተባለው ዳይሬክተር በ2017 ይህንኑ ፊልም ዳግም ሲሠራው አንድ ትልቅ ነገር ለወጠ፤ የሃይማኖት አባቱ መጡ፣ አልቻሉም፣ ተገደሉ። ከ4 ሚሊዮን በላይ ሰው ገብቶ አየው። ከ37 ዓመት በኋላ ተመልካቹ «አባት መጥቶ ያስተካክለዋል» የሚለውን ፍጻሜ እንደማያምን ከየትኛውም የፖለቲካ ጽሑፍ የበለጠ የሚናገረው ይህ ፊልም ነው ብዬ አስባለሁ።

ይኸው ዳይሬክተር በ2019 የሠራው ሌላ ፊልም ለዛሬው ጉዳያችን ይበልጥ ይቀርባል። በእንግሊዝኛው ስሙ «ኢምፔቲጎር» ተብሎ በብዙ አገር ታይቷል። አንዲት የከተማ ወጣት ውርስ ፍለጋ ወደማታውቀው የአባቶቿ መንደር ትገባለች፤ በመንደሩ ሕፃናት ቆዳ ሳይኖራቸው ይወለዳሉ። የመንደሩ አለቃ ዳላንግ ነው። ከምን ቆዳ አሻንጉሊት እንደሚሠራ ስታውቁ ያን የተከበረ ሸራ እንደ ቀድሞው ማየት ይከብዳችኋል። ፊልሙን ባህልን የሚያጠለሽ ነው የሚል ሊኖር ይችላል። እኔ የማየው ሌላ ነው፤ ወርሰነዋል የምንለው ነገር ላይ የማን ቆዳ አለበት የሚለውን ጥያቄ የሚጠይቅ፣ ጥያቄውንም በዋያንግ ቋንቋ የሚጠይቅ ፊልም።

የገበያው ከፍታ ግን ሌላ ቦታ ነው። በ2019 አንድ ስሙን የደበቀ ሰው በትዊተር ላይ በተከታታይ የጻፈው ታሪክ አገሩን አነጋገረ፤ ተማሪዎች ለማኅበረሰብ አገልግሎት ሩቅ መንደር ይሄዳሉ፣ የዳንሰኛ መንፈስ ትጠብቃቸዋለች። በ2022 ለኢድ በዓል ፊልም ሆኖ ሲወጣ ከ9 ሚሊዮን በላይ ሰው አየው። በ2025፣ እንደገና ለኢድ፣ «ጁምቦ» የተባለ የልጆች አኒሜሽን ከ10 ሚሊዮን በላይ ተመልካች አግኝቶ ክብረ ወሰኑን ወሰደ። ወላጆቹን ያጣ ወፍራም ልጅ ታሪክ ነው፤ የምትረዳው ጓደኛው ማን ናት ቢባል፣ ትንሽ ሴት መንፈስ። በልጆች ፊልም እንኳ!

ስለ ድብድብ ፊልሞቹም አጭር ልበል። «ዘ ሬይድ» በ2011 ዓለምን ያስደነገጠው ፔንቻክ ሲላት በሚባለው የአገሬው ትግል ነው፤ ዳይሬክተሩ ግን ጋሬዝ ኢቫንስ የተባለ የዌልስ ሰው ነው፤ ስለ ሲላት ዘጋቢ ፊልም ሊሠራ መጥቶ የፊልሙን መሪ ተዋናይ ኢኮ ኡዋይስን ያገኘው ያኔ ኢኮ የስልክ ኩባንያ ሾፌር ሳለ ነው። እኔ ከ«ዘ ሬይድ» ይልቅ የ2009ኙን «ሜራንታው»ን እመክራለሁ። የምዕራብ ሱማትራ ሚናንግካባው ሕዝብ ቤትና መሬት በእናት በኩል የሚወርስ ነው፤ ወንድ ልጅ ሲጎረምስ ከቤት ወጥቶ ዓለምን እንዲያይ ወጉ ያዛል። ፊልሙ የሚነሳው ከዚያ ነው። የሱምባን ደሴት ማየት የሚፈልግ ደግሞ የዳይሬክተር ሙሊ ሱርያን «ማርሊና» ያውጣ፤ መበለቷ ከሽፍቶች ጋር ስትተናነቅ የሟች ባሏ ደረቅ ሬሳ በጨርቅ ተጠቅልሎ ጥግ ላይ ተቀምጧል፤ ለቀብሩ የሚሆን ገንዘብ ስላልተገኘ።

ሙዚቃውን ሳልነካ ብወርድ ጃካርታ ያሉ የታክሲ ሾፌሮች ይታዘቡኛል። ዳንግዱት ይባላል። መነሻው የማላይ ዘፈን፣ የዓረብ ዜማና የሂንዲ ፊልም ሙዚቃ ነው፤ በአገራችንም የሂንዲ ፊልም ዘፈን ትርጉሙን ሳያውቅ በቃሉ የሚያንጎራጉር ትውልድ አለ፤ ያ ትውልድ ዳንግዱትን በአንድ ጆሮ ሰምቶ ያውቀዋል። በ1970ዎቹ ሮማ ኢራማ የሚባል ጊታር መቺ የሮክ ጉልበት ጨመረበት፣ የሃይማኖት ስብከትም አከለበት፤ ፊልም ሠራበት፣ ሚሊዮኖችን ሰበሰበበት። የተማረው ሰው ግን ለረጅም ጊዜ የመንደርተኛ ሙዚቃ ብሎ ይንቀው ነበር።

በዚሁ ዕጣ ካለፉት አንዱ የሶሎው ዲዲ ኬምፖት ነው። ሥራውን የጀመረው በጎዳና ላይ እየዘፈነ ነው። በጃቫ ቋንቋ ስለ ከዳች ፍቅረኛ፣ ስለ አውቶቡስ መናኸሪያና ስለ ባቡር ጣቢያ ያዜማል። ሆላንዶች በሥራ ውል ወደ ደቡብ አሜሪካዋ ሱሪናም የወሰዷቸው የጃቫ ሰዎች ልጆች እዚያ ሆነው ያከብሩት ነበር፤ የገዛ አገሩ ከተሜ ወጣት ግን ረስቶታል። በ2019 ልባቸው የተሰበረ ወጣቶች በማኅበራዊ ሚዲያ መልሰው አገኙት፤ «የተሰበሩ ልቦች አባት» አሉት፤ ከሃምሳ ዓመት በላይ የሆነው ሰው በመዝሙር እንደሚመራ ቄስ ሺዎችን በለቅሶ ያስጨፍር ጀመር። በ2020 ሚያዝያ ከቤት በቴሌቪዥን በተላለፈ ኮንሰርት ለኮሮና ተጎጂዎች በቢሊዮን የሚቆጠር ሩፒያ አሰባሰበ፤ ከአንድ ወር ባነሰ ጊዜ ውስጥ በግንቦት 5 ሞተ።

እስካሁን ያወራሁላችሁ ስለ አፍ ነው፤ ቀልደኛው አፍ ብዙ ይፈቀድለታል። አካል ሲሆን ነገሩ ይለወጣል። በ2003 ኢኑል ዳራቲስታ የምትባል የምሥራቅ ጃቫ ዳንግዱት ዘፋኝ ወገቧን እንደ ጉድጓድ መቆፈሪያ ማሽን የምታሽከረክርበት ጭፈራ አገሩን ለሁለት ከፈለ። የሃይማኖት አባቶች አወገዙ፤ ሮማ ኢራማ ራሱ ቆጣ ብሎ ተነሳባት። ያ ጭፈራ በመንደር ድግስ ላይ አዲስ አልነበረም፤ አዲስ የሆነው ጃካርታ ድረስ በቴሌቪዥን መግባቱ ነው።

ከዚያ የከፋው ደግሞ ጋሪን ኑግሮሆ የሠራውን «ኩቹምቡ ቱቡህ ኢንዳህኩ» ያጋጠመው ነው። ፊልሙ የተመሠረተው በባንዩማስ አካባቢ በተወለደው ዳንሰኛ በሪያንቶ ሕይወት ላይ ነው። ሌንገር በሚባለው የአካባቢው ጥንታዊ ጭፈራ ወንዶች የሴት ልብስ ለብሰው፣ የሴት ውዝዋዜ ይወዛወዛሉ፤ የአዝመራ በዓል ማድመቂያ ነው። የፊልሙ ልጅ ያድጋል፣ በአካሉ ላይ የጎረምሶች ጠብ፣ የመንደር ሐሜት፣ የ1965ቱ እልቂት ጠባሳ ሳይቀር ያልፋል። በ2019 ፊልሙ ሲወጣ የተለያዩ ከተሞች አስተዳዳሪዎች ከሃይማኖትና ከሥነ ምግባር ጋር ይጋጫል ብለው እንዳይታይ አገዱት። በዚያው ዓመት መጨረሻ ይኸው ፊልም የአገሪቱን ትልቁን የፊልም ሽልማት፣ የዓመቱ ምርጥ ፊልም በመባል ቺትራን ወሰደ።

ሌንገር ፊልሙን ካገዱት ከተሞች ማዘጋጃ ቤቶች ሁሉ በዕድሜ ይበልጣል። አስተዳዳሪዎቹ ግን ስለ ሴማርና ስለ ዋያንግ ቢጠየቁ ቅርሳችን ነው ብለው የሚኮሩ ሰዎች ናቸው፤ ሴማር ወንድም ሴትም የማይለይ ገላ እንዳለው ልብ አይሉትም ወይም ልብ ማለት አይፈልጉም። ስለ ቀልዱ ብዙ ተስፋ አድርጌ ተናግሬአለሁ፤ የተስፋዬም ጠርዝ እዚህ ላይ ነው። ይህን የምትቃወሙ ካላችሁ፣ በተለይም የዳንስ ባለሙያዎች፣ በመጀመሪያ ለእናንተ ዕድል እሰጣለሁ። ማይክሮፎኑ ከኋላ ረድፍ ይጀምር።